ወስፌውና ስድስቱ ነጥቦች፦ የሉዊ ብሬል የሕይወት ታሪክ



የፈረንሳይ ታሪክ ሲነሣ ብዙውን ጊዜ ቀድመው የሚጠሩት ነገሥታትና የጦር አዝማቾች ናቸው። የናፖሊዮን ቦናፓርትን ስም ያልሰማ ተማሪ በመካከላችሁ ይኖራል ብለን አናስብም። ናፖሊዮን በ1812 እጅግ ብዙ ሠራዊት አስከትቶ ወደ ሩሲያ ዘመተ፤ ከዚያ ሠራዊት መካከል ወደ ቤቱ የተመለሰው ጥቂቱ ነው። በዚያው ዓመት፣ ከፓሪስ በስተምሥራቅ 40 ኪሎ ሜትር ያህል ርቃ በምትገኘው ኩቭሬ በምትባል የገጠር መንደር፣ አንድ የሦስት ዓመት ሕፃን በአባቱ የሥራ ቤት ሲጫወት ዓይኑን ወጋ። የናፖሊዮንን ዘመቻ ዓለም ሁሉ ሰማው። የሕፃኑን አደጋ ግን ከቤተሰቡና ከጎረቤት በቀር ያወቀው አልነበረም።

ጊዜ ግን የራሱ ሚዛን አለው። ናፖሊዮን በጦር የያዛቸውን አገሮች ገና በሕይወቱ ሳለ አጥቷቸዋል። ያ ሕፃን አድጎ የሠራው ነገር ግን ዛሬም በየአገሩ፣ በየቋንቋው፣ በየቀኑ ይሠራበታል። ሕፃኑ ሉዊ ብሬል ይባላል። ዓይነ ስውራን በጣታቸው የሚያነቡትን ፊደል የሠራ ሰው ነው። ፈረንሳዮች ስሙን ብራይ ብለው ይጠሩታል፤ እኛ ግን በለመድነው አጠራር ብሬል እንለዋለን። ከዚህ በታች የምታገኟቸው ዓመታት ሁሉ እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር መሆናቸውን አስተውሉ።

የኮርቻ ሠሪው ልጅ

ሉዊ ብሬል ጃንዩወሪ 4 ቀን 1809 በኩቭሬ ተወለደ። አባቱ ሲሞን ረኔ ብሬል ኮርቻ፣ ልጓምና የጋሪ ጠፍር እየሠራ ቤተሰቡን የሚያስተዳድር የቆዳ ባለሙያ ነበር። ዘመኑ መኪና ያልነበረበት፣ እርሻውም ጉዞውም በፈረስ ጉልበት የሚከናወንበት ዘመን ስለነበር በእንዲህ ያለ ባለሙያ ቤት ሥራ አይጠፋም። እናቱ ሞኒክ ትባላለች። ሉዊ ከአራት ልጆች የመጨረሻው ነው። ታላላቆቹ በዕድሜ በብዙ ይበልጡት ስለነበር የሁሉም ዓይን ማረፊያ እርሱ ነበር።

በሥራ ቤቱ ውስጥ ቢላዋው፣ መዶሻውና ወስፌው በየቦታቸው ይቀመጣሉ። ሕፃን ልጅ ደግሞ አባቱ ሲያደርግ ያየውን ማድረግ ይወዳል። ሉዊ አንድ ቀን ማንም ሳያየው ቁራጭ ቆዳና ስለት አነሣ፤ ያነሣው ወስፌ ነበር ይባላል። ቆዳውን ለመብሳት ጎንበስ ብሎ ሲታገል ወስፌው አመለጠውና አንድ ዓይኑን ወጋው። ወላጆቹ የሚችሉትን ሁሉ አደረጉ። ይሁን እንጂ በዚያ ዘመን ቁስል ሲያመረቅዝ የሚያቆም መድኃኒት ገና አልተገኘም ነበር። የተወጋው ዓይን አመረቀዘ፤ ሕመሙም ወደ ደኅነኛው ዓይን ተሻገረ። ሉዊ አምስት ዓመት ሲሞላው ሁለቱም ዓይኖቹ ፈጽመው ጠፉ።

መከራው በዚህ አላበቃም። በ1814 ናፖሊዮን ሲሸነፍ የውጭ ጦር ወደ ፈረንሳይ ገባ። እስከ 1816 ድረስ የፕሩሲያ፣ የባቫሪያና የሩሲያ ወታደሮች በየተራ በኩቭሬ ሰፈሩ። የመንደሩ ሰው እህሉን፣ ድርቆሹንና ከብቱን ለሠራዊቱ ማቅረብ፣ ቤቱንም ማካፈል ግዴታው ሆነ። እንግዲህ ይታያችሁ፦ አንድ ትንሽ ልጅ ብርሃኑን ባጣበት ወቅት በቤቱ ውስጥ በማያውቀው ቋንቋ የሚናገሩ የታጠቁ ሰዎች ድምፅ ይሰማል። በጦርነት መካከል ማደግ ምን ማለት እንደሆነ ለእናንተ ማስረዳት አያስፈልገንም።

ወላጆቹ የመረጡት መንገድ

በዚያን ጊዜ በአውሮፓ የአንድ ድኻ ዓይነ ስውር ልጅ ዕጣ ፈንታ የታወቀ ነበር። ወይ በቤት ጥግ ተቀምጦ ዕድሜውን ይፈጃል፤ ወይ ከቤተ ክርስቲያን ደጅና ከገበያ ቆሞ ይለምናል። ብዙ ወላጆች እንዲህ ያለውን ልጅ ሸሽገው የሚያኖሩት ስለሚጠሉት አልነበረም። ከማዘንና ከመመገብ በቀር ሌላ የሚደረግለት ነገር ያለ ስለማይመስላቸው ነበር።

ሲሞን ረኔና ሞኒክ ግን ሌላ መንገድ መረጡ። አባትየው በልጁ ቁመት ልክ በትር ቆርጦ ሰጠው። ሉዊም በትሩን እየነካካ ከቤት እስከ ጉድጓዱ ውኃ፣ ከጉድጓዱ እስከ ቤተ ክርስቲያኑ ያለውን መንገድ ለየ። እንደ ማንኛውም ልጅ ሥራ ይታዘዛል፤ ሲያጠፋም ይቆጡታል። ፊደልንም እዚያው ቤት ውስጥ ተማረ። አባቱ ራሳቸው ክብ የሆኑ ምስማሮችን በጣውላ ላይ በፊደል ቅርጽ እየመታ አሳየው። ልጁም የምስማሮቹን ራስ በጣቱ እየዳሰሰ ይህ እገሌ ነው፣ ይህ እገሌ ነው እያለ ፊደላቱን አጠና።

ይህንን ልብ በሉ። አባትየው አስተማሪ አልነበረም። ገንዘብም፣ ልዩ መሣሪያም አልነበረውም። የነበረው ጣውላ፣ ምስማርና መዶሻ ነው። ልጁ ሊያየው የማይችለውን ነገር ሊዳስሰው እንደሚችል ያሰበ የመጀመሪያው የሉዊ መምህር ግን እርሱ ነው።

ከዚያም አባ ዣክ ፓሉዊ የተባሉ ቄስ ወደ መንደሩ ተሾመው መጡ። ልጁ ንቁ መሆኑን አይተው ያስተምሩት ጀመር፤ የመንደሩ ትምህርት ቤት እንዲቀበለውም አደረጉ። ሉዊ ከሌሎቹ ልጆች ጋር በክፍል ተቀምጦ በጆሮው ብቻ ይከታተል ነበር። መምህሩ የተናገሩትን ሳያስቀር መልሶ ይላል። ሒሳብን በቃሉ ይሠራል። ሌሎቹ ልጆች መጽሐፍ ሲገልጡ ግን እጁን አጣምሮ ከመቀመጥ በቀር ምርጫ አልነበረውም።

ወደ ፓሪስ

በፓሪስ ከተማ ዓይነ ስውራን ልጆች የሚማሩበት ትምህርት ቤት ነበር። የዚህ ትምህርት ቤት አመጣጥ ራሱ ሊነገር የሚገባው ነው። ቫለንቲን አዊ የተባለ ሰው በ1771 በፓሪስ በአንድ የበዓል ገበያ ሲያልፍ ጥቂት ዓይነ ስውራን ለመሳቂያ ተደርድረው አየ። ረጃጅም ቆብ አድርገዋቸው፣ ትልልቅ የውሸት መነጽር አጥልቀውላቸው፣ የማያውቁትን ሙዚቃ ያስመቷቸዋል፤ ሕዝቡም ይስቃል። አዊ ይህንን ሲያይ አዘነ። እነዚህ ሰዎች ቢማሩ መሳቂያ እንደማይሆኑ ለማሳየት ቆረጠና በ1780ዎቹ ውስጥ ትምህርት ቤቱን አቋቋመ። ለዓይነ ስውራን የተቋቋመ የመጀመሪያው ትምህርት ቤት እርሱ ነው።

አባ ፓሉዊ ከአካባቢው ባላባት ጋር ተነጋግረው ለሉዊ በዚያ ትምህርት ቤት ነጻ ቦታ አስገኙለት። ፌብሩዋሪ 15 ቀን 1819 አባትና ልጅ ወደ ፓሪስ ተጓዙ። ሉዊ ገና አሥር ዓመቱ ነው። አባትየው ልጁን አስረክቦ ብቻውን ተመለሰ። ከልጃቸው ተለይተው የሚያውቁ ወላጆች ያ የመልስ መንገድ ምን ያህል እንደሚረዝም ያውቁታል።

ትምህርት ቤቱ የነበረበት ሕንጻ አሮጌና እርጥበት የበዛበት ነበር። በፈረንሳይ አብዮት ጊዜም እስር ቤት ሆኖ አገልግሏል። ምግቡ ጥቂት፣ ሥርዓቱም ጥብቅ ነበር። ተማሪዎቹ ከትምህርቱ ጎን የእጅ ሥራና ሙዚቃ ይማራሉ። ሉዊ በክፍል ትምህርት ተመሰገነ፤ ፒያኖና ኦርጋን መምታትም ተማረ።

በዚያ ትምህርት ቤት መጻሕፍት ነበሩ። አዊ ያዘጋጃቸው እነዚህ መጻሕፍት የተጻፉት ዓይን ያላቸው ሰዎች በሚያነቡት በላቲን ፊደል ነው፤ ነገር ግን ፊደሉ ከወረቀቱ ላይ ጎልቶ እንዲወጣ በእርጥብ ወረቀት ላይ እየተጫነ የታተመ ነበር። ችግሩ ምን ነበር? በመጀመሪያ፣ ጣት እያንዳንዱን ፊደል ዙሪያውን ዳስሶ ለመለየት ብዙ ጊዜ ይፈጅበታል። የዓረፍተ ነገሩ መጨረሻ ላይ ሲደርሱ መጀመሪያው ይረሳል። ሁለተኛ፣ ፊደሉ ትልቅ ስለሆነ መጽሐፉ ግዙፍና ከባድ ነው፤ ለማተምም ውድ ነው። ሦስተኛውና ዋነኛው ግን ይህ ነው፦ ዓይነ ስውሩ በዚህ ዘዴ ሊያነብ እንጂ ሊጽፍ አይችልም።

ውድ ተማሪዎች፣ ማንበብ እየቻሉ መጻፍ አለመቻል ምን እንደሆነ አስቡት። ለእናታችሁ ደብዳቤ ለመላክ ስትፈልጉ ሌላ ሰው ማስጻፍ አለባችሁ። ሌላ ሰው ሲጽፍላችሁ ደግሞ በልባችሁ ያለውን ሁሉ አትናገሩም። ከመልሱም የሚነበብላችሁ አንባቢው የፈቀደውን ያህል ነው። ትምህርታችሁን በማስታወሻ መያዝ፣ ስማችሁን መፈረም፣ ሒሳባችሁን መመዝገብ አትችሉም። የፓሪሱ ትምህርት ቤት ተማሪዎች ኑሮ እንዲህ ነበር።

በጨለማ የሚነበብ ጽሕፈት

በ1821 ሻርል ባርቢዬ የሚባል የቀድሞ የመድፈኛ ጦር መኮንን አንድ አዲስ የአጻጻፍ ዘዴ ይዞ ወደ ትምህርት ቤቱ መጣ። ዘዴው የሌሊት ጽሕፈት በመባል ይታወቃል፤ ያለ መብራት በጣት ብቻ ሊነበብ ይችላልና። ባርቢዬ የፊደልን ቅርጽ ትቶ በወፍራም ወረቀት ላይ በሹል ብረት የሚወጉ ነጥቦችን ተጠቀመ። የፈረንሳይኛን ድምፆች በስድስት ረድፍ ስድስት ስድስት አድርጎ ደረደራቸው። በግራ ያሉት ነጥቦች ቍጥር ረድፉን፣ በቀኝ ያሉት ደግሞ በረድፉ ውስጥ ያለውን ተራ ያመለክታሉ።

ተማሪዎቹ ነጥቦቹን ሲዳስሱ ከጎላው የላቲን ፊደል ይልቅ ለጣት እንደሚቀሉ ወዲያውኑ ተረዱ። ከሁሉ ይበልጥ ያስደሰታቸው ግን ራሳቸው መጻፍ መቻላቸው ነው። ሆኖም ዘዴው ጉድለት ነበረበት። አንድ ምልክት እስከ 12 ነጥብ ሊይዝ ስለሚችል ከጣት ጫፍ በላይ ይረዝማል፤ አንባቢው ጣቱን ወደ ላይና ወደ ታች ማመላለስ አለበት። ከዚህም ሌላ የሚጽፈው ድምፅን ብቻ ነው። ትክክለኛ የፊደል አጻጻፍ፣ ሥርዓተ ነጥብ፣ የሒሳብና የሙዚቃ ምልክት የለውም። ባርቢዬ ለዓይነ ስውራንና ላልተማሩ ሰዎች ድምፅን መጻፍ ይበቃል ብሎ ያምን ነበር።

ሉዊ ብሬል ግን አልበቃውም። ዓይነ ስውር ተማሪም ዓይን ያለው ተማሪ የሚያውቀውን ፊደል፣ ነጥብና ቍጥር ሁሉ ማወቅ አለበት ብሎ አሰበ። ይህንን ሲያስብ ገና የ12 እና የ13 ዓመት ልጅ ነበር።

ስድስቱ ነጥቦች

ከዚያ በኋላ ሉዊ ሌሎች ተማሪዎች ሲተኙ በሌሊት፣ ለዕረፍት ወደ ኩቭሬ ሲመለስም በቀን ወረቀት እየወጋ ሲሞክር ከረመ። መንደርተኞቹ በሜዳ ተቀምጦ ወረቀት ሲበሳሳ ያዩት ነበር ይባላል። በ1824፣ ዕድሜው 15 ዓመት ሲሆን፣ የዘዴው ዋና ክፍል ተጠናቀቀ።

አሠራሩ እንዲህ ነው። 12ቱ ነጥቦች ወደ ስድስት ወረዱ። ስድስቱ በሁለት ዓምድ ሦስት ሦስት ሆነው ይቆማሉ። በግራ ከላይ ወደ ታች 1፣ 2፣ 3 ብላችሁ ቍጠሩ፤ በቀኝ ደግሞ ከላይ ወደ ታች 4፣ 5፣ 6። ስድስቱም በአንድ ጣት ጫፍ ሥር ስለሚገቡ አንባቢው ጣቱን ሳያመላልስ በአንድ ንክኪ ይለያቸዋል። የትኛው ነጥብ ተወግቷል፣ የትኛው አልተወጋም በሚለው ልዩነት ብቻ ከስድስቱ ነጥቦች 63 የተለያዩ ምልክቶች ይገኛሉ። ይህም ለፊደላቱ፣ ለሥርዓተ ነጥቡና ለሌሎች ምልክቶች ይበቃል።

አደራደሩም በዘፈቀደ አይደለም። የመጀመሪያዎቹ አሥር የላቲን ፊደላት በላይኞቹ አራት ነጥቦች ብቻ ይጻፋሉ። ነጥብ 1 ብቻዋን ኤ ናት፤ 1 እና 2 ቢ፤ 1 እና 4 ሲ። ቀጣዮቹ አሥር ፊደላት ደግሞ እነዚያው የመጀመሪያዎቹ ናቸው፤ ሦስተኛዋ ነጥብ ብቻ ትጨመርባቸዋለች። እኛ ፊደላችንን ስንማር ሁሉንም አንድ በአንድ እንደ አዲስ አላጠናንም። ለ፣ ሉ፣ ሊ እያልን አንዱን ቅርጽ በቅጥያ ስናበዛው ነው የለመድነው። ሉዊም ያደረገው ይህን የመሰለ ነው። ትንሽ ያጠና ሰው ብዙ ያውቃል።

ጽሕፈቱ የሚከናወነው ቀዳዳ ባለው ሰሌዳና በሹል ብረት ነው። ነጥቡ ተወግቶ ጎልቶ የሚወጣው በወረቀቱ ጀርባ ስለሆነ ጸሐፊው ከቀኝ ወደ ግራ ይወጋል፤ ወረቀቱን ሲገለብጠው ከግራ ወደ ቀኝ ያነበዋል። ይህን ሹል ብረት ያየ ሰው ወዲያውኑ ወስፌን ያስታውሳል። ሉዊን ከብርሃን የለየው ዓይነት መሣሪያ በእጁ ገብቶ መጻፊያ ሆነ።

በ1829 ብሬል ዘዴውን በመጽሐፍ አሳተመ። በዚሁ መጽሐፍ የመጀመሪያውን ሐሳብ ያገኘው ከባርቢዬ መሆኑን በግልጽ አመስግኖ ጽፏል። የሌላውን ድካም የራሱ አስመስሎ አላቀረበም። በ1837 የተሻሻለውን ሁለተኛ እትም አወጣ፤ በዚያው ዓመትም አንድ አጭር የፈረንሳይ ታሪክ መጽሐፍ በብሬል ታተመ።

መምህር ብሬል

ሉዊ ትምህርቱን ከጨረሰ በኋላ ከትምህርት ቤቱ አልወጣም። በ1828 ረዳት መምህር፣ በ1833 ሙሉ መምህር ሆኖ ሰዋስው፣ ታሪክ፣ ጂኦግራፊ፣ ሒሳብና ሙዚቃ አስተማረ። በፓሪስ በአንድ ትልቅ ቤተ ክርስቲያን ኦርጋን መቺ ሆኖም ተቀጠረ። ነጥቦቹን ለሙዚቃ ምልክት እንዲሆኑ አድርጎ ያዘጋጀው ራሱ ነው።

አንድ ነገር ግን አሁንም ይከነክነው ነበር። ተማሪዎቹ እርስ በርሳቸው ይጻጻፋሉ፤ ዓይን ያላቸው ወላጆቻቸው ግን ነጥቡን አያነቡም። በ1839 ለዚህ መላ አበጀ። የላቲን ፊደልን ቅርጽ በነጥቦች እየሠሩ ዓይን ያለው ሰው እንዲያነበው ማድረግ የሚያስችል ዘዴ አሳተመ። ሥራው አድካሚ ስለነበር ፉኮ የተባለ ሌላ ዓይነ ስውር የእጅ ባለሙያ በ1841 ይህንኑ የሚያፋጥን መኪና ሠራለት። የታይፕ መኪና ገና ባልተስፋፋበት ዘመን ዓይነ ስውር ልጅ ለወላጆቹ በእጁ መጻፍ ቻለ።

የተከለከለው ፊደል

ይህን ሁሉ ያነበበ ሰው ዓለም ብሬልን በእልልታ የተቀበለው ይመስለዋል። ነገሩ እንዲያ አልነበረም። ሥራውን ይደግፉ የነበሩት ዋና አስተዳዳሪ ፒኒዬ በ1840 ከሥራቸው ተነሡ። በቦታቸው የተተኩት ዱፎ ነጥቡን አልወደዱትም። ዓይነ ስውራን ከሌላው ሰው ተለይተው የራሳቸው ጽሕፈት ሊኖራቸው አይገባም የሚል አስተያየት ነበራቸው። ዓይን ያላቸው መምህራንም የማያነቡትን ጽሕፈት ተማሪዎቻቸው ሲያነቡት ማየት ከብዷቸው ነበር። ነጥቡ በክፍል ውስጥ ተከለከለ። አሮጌዎቹ መጻሕፍትም እንዲቃጠሉ ተደረገ ይባላል።

ተማሪዎቹ ግን አልተዉትም። ሰሌዳና ብረት ሲከለከሉ በመርፌና በምስማር እየወጉ ሌሊት ሌሊት ይጻጻፉ እንደ ነበር ይነገራል። ትልቁ ታናሹን ያስተምራል። ማንም ያላዘዛቸውን፣ እንዲያውም የሚያስቀጣቸውን ነገር የተማሩት ለምን ነበር? መልሱ ቀላል ነው። ፊደሉ የእነርሱ ነበር። በእርሱ የጻፉትን ነገ ያነቡታል።

በመጨረሻ የዱፎ ምክትል የሆኑት ጓዴ የተማሪዎቹን ጽናት አይተው ነገሩን ለአለቃቸው አስረዱ። ዱፎም አስተያየታቸውን ለወጡ። ስሕተትን አይቶ መመለስ ከትልቅ ሰው የሚጠበቅ ስለሆነ ይህንንም ልንጽፍላቸው ይገባል። ፌብሩዋሪ 22 ቀን 1844 የትምህርት ቤቱ አዲስ ሕንጻ ሲመረቅ ዘዴው በተጋባዦች ፊት ታየ። አንዱ ተማሪ የተነገረውን በነጥብ ጻፈ፤ ሲጻፍ ያልነበረ ሌላ ተማሪ ተጠርቶ በጣቱ ሳያደናቅፈው አነበበው። ከዚያ ቀን ወዲህ በትምህርት ቤቱ ነጥብን የሚከለክል አልተገኘም።

ዕረፍቱ

ሉዊ በዚህ ጊዜ ታማሚ ነበር። ከ26 ዓመቱ ገደማ ጀምሮ የሳንባ ነቀርሳ ይዞት ሲያነሣው ሲጥለው ኖሯል። የዚህ በሽታ ተሕዋሲ የታወቀው በ1882 ነው። ዛሬ መድኃኒቱን ሳያቋርጥ ጨርሶ የወሰደ ሰው በአብዛኛው ይድናል፤ በብሬል ዘመን ግን ዕረፍትና ንጹሕ አየር ከማለት ያለፈ ሕክምና አልነበረም። ሉዊ ሲሻለው ያስተምራል፤ ሲብስበት ወደ ኩቭሬ ሄዶ ይተኛል። ጃንዩወሪ 6 ቀን 1852፣ 43 ዓመት በሞላው በሁለተኛው ቀን፣ እዚያው በፓሪሱ ትምህርት ቤት አረፈ። አስከሬኑም በትውልድ መንደሩ ከአባቱ አገር አፈር ገባ።

ወዳጆቹ እንደተናገሩት ከሞተ በኋላ ሳይከፈት እንዲቃጠል ያዘዘው አንድ ትንሽ ሣጥን ተገኘ። ሣጥኑ ሲከፈት ከእርሱ ገንዘብ የተበደሩ ሰዎች የዕዳ ወረቀት ሞልቶበት ነበር። ማንም እንዳይጠየቅ ብሎ ነው እንዲቃጠል የፈለገው።

ሲሞት የፓሪስ ጋዜጦች አልዘገቡትም። የአገሪቱ መንግሥት ዘዴውን ለትምህርት ቤቱ በይፋ የተቀበለው በ1854፣ እርሱ ከሞተ ሁለት ዓመት በኋላ ነው። በ1878 በፓሪስ የተደረገ ዓለም አቀፍ ጉባኤ ለዓይነ ስውራን ከቀረቡት ጽሕፈቶች ሁሉ ብሬልን መረጠ። በሞተ በመቶኛው ዓመት፣ በ1952፣ ፈረንሳይ አስከሬኑን አንሥታ ታላላቅ ሰዎቿ በሚያርፉበት በፓሪሱ ፓንቴዎን አኖረችው። እጆቹ ግን በኩቭሬ ቀሩ። ያነበቡትም የጻፉትም እነርሱ ናቸውና መንደሩ አልሰጥም አለ። የተባበሩት መንግሥታት ድርጅት ደግሞ ከ2019 ጀምሮ የልደቱ ቀን ጃንዩወሪ 4 የዓለም የብሬል ቀን ሆኖ እንዲከበር ወስኗል።

ነጥቦቹና የእኛ ፊደል

በአገራችን ዓይነ ስውርነትና ዕውቀት ተለያይተው አያውቁም። በቆሎ ትምህርት ቤት ቅኔውንና ዜማውን በቃላቸው ይዘው ያስተማሩ ዓይነ ስውራን የኔታዎች ነበሩ፤ ዓይን ያላቸው ደቀ መዛሙርት ከእግራቸው ሥር ተቀምጠው ተምረዋል። ነገር ግን በቃል የተያዘ ዕውቀት መምህሩ ሲያልፍ ተማሪው የያዘውን ያህል ይቀራል። ብሬል ያመጣው ለውጥ እዚህ ላይ ነው። ዓይነ ስውር ራሱ ጽፎ እንዲያስቀምጥ፣ ተመልሶም እንዲያነብ አስቻለው።

አማርኛም በብሬል ይጻፋል። የእኛ ፊደላት ከ200 ስለሚበልጡ 63ቱ ምልክቶች ለእያንዳንዱ አይዳረሱም። ስለዚህ ፊደሉ ተከፍሎ ይጻፋል፤ ላ ለማለት በመጀመሪያ የል ምልክት፣ ቀጥሎ የአናባቢው ምልክት ይወጋል። በሰበታ የመርሐ ዕውራን ትምህርት ቤትና በሌሎችም በዚህ ጽሕፈት ተምረው መምህራን፣ የሕግ ባለሙያዎችና የሙዚቃ ሰዎች የሆኑ ብዙ ናቸው።

ውድ ወላጆች፣ ይህን ታሪክ የመረጥነው ያለ ምክንያት አይደለም። ከአገር ተሰዶ በመጠለያ ለሚኖር ቤተሰብ ሁሉም ነገር ችግር ነው፤ ማየት ወይም መስማት የተሳነው ልጅ ሲኖር ደግሞ ችግሩ ይደራረባል። ልጁን ከቤት አለማውጣት ለእርሱ ማሰብ ይመስላል። ሲሞን ረኔ ብሬልም እንዲሁ ሊያደርግ ይችል ነበር፤ የሚወቅሰውም አልነበረም። እንዲያ ቢያደርግ ኖሮ ግን ዛሬ ይህ ፊደል ባልኖረም ነበር። በቤታችሁ እንዲህ ያለ ልጅ ካለ ለትምህርት ቤቱ መምህራን ንገሩ። የብሬል ሰሌዳ ወዲያውኑ ባይገኝ እንኳ ሉዊ በመንደሩ እንደተማረ በጆሮው እየተከታተለ ሊጀምር ይችላል። ተማሪዎችም ከጎኑ ተቀምጣችሁ ሰሌዳ ላይ የተጻፈውን አንብቡለት፤ ወደ ትምህርት ቤት ሲመጣና ሲመለስ መንገዱን አሳዩት።

ለተማሪዎች የተሰጠ ሥራ

ከካርቶን ቁራጭ ቁረጡ። ከላይ በተነገረው ቍጥር መሠረት ኤን፣ ቢንና ሲን በምስማር ወግታችሁ ካርቶኑን ገልብጡ፤ ዓይናችሁንም ጨፍናችሁ በጣታችሁ ለዩአቸው። የምትወጉት ከቀኝ ወደ ግራ መሆኑን አትርሱ። ቀጥሎ በሦስቱም ላይ ሦስተኛዋን ነጥብ ጨምሩ። ኤ ወደ ኬ፣ ቢ ወደ ኤል ይለወጣሉ። ሲ ወደየትኛው ፊደል ይለወጣል? መልሱን ለክፍል መምህራችሁ አቅርቡ።

ሥራችሁን ስትጨርሱ ምስማሩን ታናናሾቻችሁ ከማይደርሱበት ቦታ አስቀምጡ።